ቈርጦ መቀጠል፤ የኃይሌ ገሪማ የፊልም ቅንብርና የባላገር ጊዜ

የአንድ ሕዝብ ልማድና ኑሮ በፊልም ሲመዘገብ ሥራው በሁለት እጆች ውስጥ ያልፋል። አንደኛው ካሜራውን የያዘው ሰው እጅ ነው፤ ሁለተኛው ደግሞ የተነሣውን ፊልም ቈርጦ የሚቀጥለው፣ በሙያው ስም ኤዲተር፣ በአማርኛ አቀናባሪ የሚባለው ሰው እጅ ነው። ስለ መጀመሪያው እጅ ብዙ ተነግሯል። ሁለተኛው ግን ሥራውን ባሳመረ ቍጥር ከተመልካች ዓይን ይሰወራል፤ ስለዚህም የባህል ጥናት ሊቃውንት እንኳ ስለ እርሱ የሚጽፉት ከስንት አንድ ጊዜ ነው። ይሁን እንጂ ከምን ቀጥሎ ምን እንደሚመጣ፣ አንዱ ምስል ምን ያህል ጊዜ በዓይን ፊት እንደሚቈይ፣ በምስሉም ላይ የማን ድምፅ እንደሚሰማ የሚወስነው እርሱ ነው። እነዚህ ሦስት ውሳኔዎች ከሌሉ ፊልም የሚባል ነገር የለም፤ እነዚህ ሦስት ውሳኔዎች ካልተመረመሩም ፊልምን ለጥናት ማስረጃ አድርጎ መጥቀስ ያስቸግራል።

ነገሩን በቅርብ ምሳሌ ለማየት አስኮን መውሰድ ይበቃል። አስኮ አዲስ አበባ በምዕራብ በኩል ወደ ቡራዩ፣ ወደ ሆለታና ወደ አምቦ የምትወጣበት በር ነው። አንድ ካሜራ ማለዳ በዚያ መንገድ ዳር ተተክሎ አንድ ሰዓት ሙሉ ቢያነሣ፣ ወደ ከተማ የሚገባውን ሸክምና ከከተማ የሚወጣውን መኪና ባንድነት ያገኛል። አቀናባሪው ግን ያንን አንድ ሰዓት ወደ ሁለት ደቂቃ ማውረድ ግድ ይሆንበታል። ሸክም ካዘለች ሴት ምስል ቀጥሎ የፎቅ ቤት ቢያስቀምጥ ስለ ድህነትና ስለ ሀብት ተናገረ ማለት ነው። በፎቁ ፈንታ የአስኮ ገብርኤልን ደጅ ቢያስቀምጥ ስለ እምነት ተናገረ። ሴቲቱን ከመንገዱ ጫፍ እስክትሰወር ድረስ ሳይቈርጥ ቢከተላት ደግሞ ስለ ጊዜና ስለ ድካም ተናገረ። በሦስቱም ሴቲቱ ያችው ናት፤ ሦስቱም ምስሎች እውነት ናቸው፤ የተለወጠው ቅጥያው ብቻ ነው። ሩሲያዊው ሌቭ ኩሌሾቭ በ1920ዎቹ ገደማ ለተማሪዎቹ ያስተማረው መሠረታዊ ነገር ይኸው ነበር። ኤሊዛቬታ ስቪሎቫም ዚጋ ቬርቶቭ በ1929 ባወጣው «ካሜራ የያዘው ሰው» በተባለው ፊልም ውስጥ በሥራ ጠረጴዛዋ ላይ ሆና ፊልም ስትቈርጥና ስትቀጥል ትታያለች። የተሰወረው እጅ በገዛ ፊልሙ ውስጥ እንዲህ በግልጥ መታየቱ እስከ ዛሬ ድረስ ብርቅ ነው።

በኢትዮጵያ በኩል ይህን ጥያቄ ለመመርመር ከፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ሥራ የተሻለ መነሻ አይገኝም። እርሳቸው በዓለም ዘንድ የታወቁት በአዘጋጅነት ነው። ነገር ግን ከፊልሞቻቸው አብዛኞቹን ቈርጠው የቀጠሉት ራሳቸው ስለሆኑ፣ ሥራቸው ከአርባ ዓመት በላይ የዘለቀ የአንድ አቀናባሪ የሕይወት ታሪክም ነው። የቅንብራቸው ጕዳይ በቀላሉ ሲነገር ይህ ነው፦ የባላገርን ጊዜ፣ ማለትም የሥራውን ርዝመት፣ የትዝታውን መዝለልና የተረቱን መመላለስ፣ ለሌላ ጊዜ ተብሎ በተሠራ መሣሪያ መግለጥ ይቻላል ወይስ አይቻልም?

ኃይሌ ገሪማ በ1946 በጐንደር ተወለዱ፤ በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት «ዓ.ም.» ከተባለባቸው በቀር ሁሉም በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው። አባታቸው ገሪማ ታፈረ የተውኔት ጸሐፊና «ጐንደሬ በጋሻው» የተባለው የአርበኞች ታሪክ ደራሲ ነበሩ። ልጃቸው በአባታቸው የተውኔት ጓድ ውስጥ አብረው ተጫውተዋል። ይህ ነገር ለቅንብር ጥናት ጥቅም አለው፤ ምክንያቱም እንዲህ ባለው ጓድ ውስጥ ያደገ ሰው ታሪክን የሚማረው በሕዝብ ፊት፣ በድምፅ፣ በዝማሬና በቀረርቶ ተቋርጦ እንደገና ሲቀጠል ነውና። በ1967 ወደ አሜሪካ ሄደው በሺካጎ በጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ተማሩ፤ በ1970 ደግሞ ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ትምህርት ጀመሩ። በዚያ ከቻርልስ በርኔት፣ ከላሪ ክላርክና ከጁሊ ዳሽ ጋር፣ በኋላ «የሎስ አንጀለስ ዐመፅ» የሚል ስም ከተሰጠው ወገን ተቈጠሩ። ከ1975 ጀምሮም በዋሺንግተን በሐዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት ፊልም አስተማሩ።

በ1975 የተጠናቀቀው «ቡሽ ማማ» በሎስ አንጀለስ በመንግሥት ድጎማ የምትኖር አንዲት ጥቁር ሴት ኑሮ የሚያሳይ ፊልም ነው። በዚህ ሥራ ኃይሌ በአቀናባሪነታቸው ሁለት ልማድ አሳዩ። አንደኛው ልማድ ድምፅን ከምስል መለየት ነው፤ የመሥሪያ ቤቱ ጥያቄ፣ የመንገዱ ጩኸትና የሬዲዮው ንግግር በሴቲቱ ፊት ላይ ተደራርበው ይሰማሉ፤ ይህም የምታስበው ነገር ገና ሳይነገር የሚያፍናትን ነገር ተመልካቹ እንዲሰማ ያደርገዋል። ሁለተኛው ልማድ ያልታቀደውን ማስገባት ነው። ፖሊሶች የፊልሙን ሠራተኞች መንገድ ላይ አስቁመው ሲፈትሹ የተነሣው ምስል በፊልሙ መጀመሪያ ተቀጥሏል። ሌላ አቀናባሪ ቢሆን ይህን የሥራ እንቅፋት ቈጥሮ በጣለው ነበር። የባህል ተመራማሪ በመስክ ማስታወሻው ዳር የሚጽፈው ነገር እዚህ ላይ ወደ ጽሑፉ እምብርት ገብቷል ማለት ይቻላል።

ቀጥሎ የመጣው «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» ነው። ይህ ፊልም በ1974 በኢትዮጵያ፣ በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም፣ በሁለት ሳምንት ያህል ጊዜ ውስጥ ተነሥቶ በ1976 ወጣ። ርዝመቱ 150 ደቂቃ ነው። ንግግሩ አማርኛ ነው። ታሪኩ አንድ የጭሰኛ ቤተሰብ በአንድ ባለመሬት ሥር የሚያሳልፈው ኑሮ ነው። ባለመሬቱ ከቤቱ ደጃፍ በወንበር ተቀምጦ ቍልቍል ይጮኻል፤ ጭሰኞቹ ታች ሆነው ያርሳሉ፣ ከብት ይጠብቃሉ፤ መሬቱን ያጣውና ሰው እብድ የሚለው ከበበ በመካከል እየተመላለሰ ማንም የማይናገረውን ይናገራል። የቤተሰቡ ልጃገረድ የባለመሬቱን ላም ከጐርፍ ለማዳን ስትሞክር ትሞታለች፤ ከበበም በመጨረሻ ባለመሬቱን ይገድላል።

በዚህ ፊልም አቀናባሪ ተብሎ ስሙ የተጻፈው ፊሊፕ ኩሬትስኪ ነው፤ ካሜራውን የያዘው ደግሞ ኤልየት ዴቪስ ነው። ነገሩ ቀላል የሚመስል ግን የማያልፉት ነገር ነው፤ ወደ ኋላ ደግሞ እንመለስበታለን። ለጊዜው የሚታየው የቅንብሩ ጠባይ ነው። ማለዳ ከእንቅልፍ መነሣት፣ በሬ መጥመድ፣ ዳገት መውጣት፣ ውሃ መሸከም፣ እነዚህ ሁሉ በአንድ ሁለት ቁራጭ ምስል ተጠቍመው አይታለፉም፤ ሥራው የሚፈጀውን ያህል ባይሆን እንኳ ሥራው እንደሚያደክም እስኪታወቅ ድረስ ይቈያሉ። በተራ ፊልም አንድ ሰው ከዳገቱ ሥር ሲነሣና ከዳገቱ ራስ ሲደርስ ይታያል፤ መካከሉ ይቈረጣል። እዚህ ግን መካከሉ ራሱ ታሪኩ ነው። የ16 ሚሊሜትር ካሜራ በአንድ ጊዜ የሚይዘው 400 ጫማ ፊልም የሚዘልቀው ለ11 ደቂቃ ያህል ነው፤ አቀናባሪው የባላገሩን ሙሉ ቀን በዚህ አጭር ልክ እየሰፈረ፣ የቀረውን ርዝመት ተመልካቹ በልቡ እንዲጨምርበት ያደርጋል። ሰዎች እንደ በሬ ተጠምደው የሚታዩበት የሕልም ክፍል ሲመጣም ተመልካቹ አይደነግጥም። ከዚያ በፊት ባየው ረጅም የእርሻ ሥራ ሰውና በሬ በአንድ ቀንበር ጊዜ ውስጥ መኖራቸውን ቀድሞ ተቀብሏልና። ሰሙ እርሻው ነው፤ ወርቁን አቀናባሪው በርዝመቱ ውስጥ ቀበረው።

ይህን ጠባይ በጽንሰ ሐሳብ ደረጃ ያብራሩት በዚያው ዩኒቨርሲቲ ያስተማሩት ኢትዮጵያዊው ሊቅ ፕሮፌሰር ተሾመ ገብርኤል ናቸው። በ1982 በወጣው ስለ ሦስተኛው ሲኒማ በጻፉት መጽሐፍና ከዚያ በኋላ ባሳተሙዋቸው ጽሑፎች፣ ረጅም ሳይቈረጥ የሚቈየው ምስል የማኅበረሰቡን የጊዜ ስሜት እንደሚጠብቅ፣ ካሜራው ቀስ ብሎ አካባቢውን መቃኘቱ ሰውን ከቦታው ላለመለየት እንደሚረዳ፣ ፊትን ለብቻ ነጥሎ የሚያሳየው ምስል ግን ግለሰቡን ከወገኑ እንደሚያገልለው አስረድተዋል። እንዲሁም ሁለት ቦታ የሚደረገውን ነገር እያፈራረቁ ማሳየት በምዕራባውያን ፊልም ጉጉት ለመቀስቀስ ሲሆን፣ በሦስተኛው ዓለም ፊልም ግን የሁለቱን ወገን ኑሮ ጐን ለጐን ለማመዛዘን እንደሚውል አመልክተዋል። በ«ምርት ሦስት ሺ ዓመት» ከባለመሬቱ ወንበር ወደ ጭሰኛው ማረሻ የሚደረገው መመላለስ ለዚህ ጥሩ አስረጅ ነው። ተመልካቹ «ምን ይመጣ ይሆን» ብሎ አይጠብቅም፤ «ይህ ከዚያ ጋር እንዴት በአንድ ኰረብታ ላይ ኖረ» ብሎ ይጠይቃል።

ሆኖም የባህል ጥናት ሰው በዚህ ፊልም ላይ አንድ ከባድ ተቃውሞ ማንሣት ይገባዋል። የኢትዮጵያ የመሬት ሥርዓት አንድ አልነበረም። በጐንደርና በጐጃም በአብዛኛው የርስት ሥርዓት ሰፍኖ ሳለ፣ በደቡብ በኩል ደግሞ ብዙ ገበሬ ጭሰኛ ነበር፤ የግብሩም የግዴታውም ዐይነት ከቦታ ቦታ ይለያይ ነበር። የፊልሙ ቅንብር ግን ቦታውንና ዘመኑን የሚያስታውቅ ምልክት ሆን ብሎ ያወጣል፤ አንዱ ጭሰኛ የጭሰኛ ሁሉ፣ አንዱ ባለመሬት የባለመሬት ሁሉ፣ አንዱ ቀን የሦስት ሺህ ዓመት ምሳሌ እንዲሆን ያደርጋል። ይህ ለቅኔ ኀይል ሰጠው፤ ለማስረጃነቱ ግን ቀነሰበት። ከዚህም በላይ ታሪክ ራሱ ሌላ ቅንብር ጨመረበት፤ ፊልሙ በተነሣበት ዓመት መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ፤ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ደግሞ የገጠር መሬትን የሕዝብ ሀብት የሚያደርገው አዋጅ ወጣ። ስለዚህ ፊልሙ ለተመልካች በቀረበ ጊዜ የጭሰኝነት ሥርዓት በሕግ ተሽሮ ነበር። ሦስት ሺህ ዓመት የማይለወጥ መስሎ የተቀጠለው ኑሮ ከቅንብር ጠረጴዛው ላይ ሳይወርድ ወደ ታሪክነት ተለወጠ። የዛሬ ተማሪ ይህን ፊልም ሲያይ ሁለቱን ነገሮች ማየት አለበት፦ ሊጠፋ ጥቂት ዕድሜ የቀረውን ሥርዓት ያህል ትኩስ የሆነ ማስረጃና፣ ያንኑ ሥርዓት ከዘመን ውጭ ያደረገ ቅንብር።

በዚያው በ1974 ስለ ኢትዮጵያ ሌላ ፊልም ወጥቷል፤ ሁለቱን ማነጻጸርም ይጠቅማል። ይህ አሜሪካዊው ሮበርት ጋርድነር በደቡብ ኢትዮጵያ በሐመር ሕዝብ መካከል ያነሡት «የአሸዋ ወንዞች» ነው። ፊልሙ የተሠራው ኦማሊ ኢንዳ የተባለች የሐመር ሴት ስለ ሴቶች ኑሮና ስለ ባሎች ጠባይ የምትናገረውን እንደ ዋና ክር በመዘርጋትና የሥራውን፣ የግርፋቱን፣ የከብት ዝላዩን ምስል በዚያ ክር ላይ በመደርደር ነው። ምስሉ ውብ ነው፤ ሴቲቱም አንደበተ ርቱዕ ናት። ነገር ግን ቅንብሩ ንግግሯን ሁሉ ወደ አንድ መደምደሚያ ይመራዋል፤ ይኸውም የሐመር ሴት ለወንድ የተገዛች ናት ወደሚለው ነው። ከ1970 ጀምሮ ከሐመር ጋር የኖሩትና ለፊልሙም ሥራ የረዱት ጂን ላይዳልና ኢቮ ሽትሬከር በኋላ በዚህ አተረጓጐም ላይ ነቀፋ ጽፈዋል። እነዚሁ ሁለት ሊቃውንት በ1979 «የደቡብ ኢትዮጵያ ሐመሮች» በሚል ርእስ ሦስት መጻሕፍት አሳትመዋል፤ ከእነዚህም አንዱ የሐመሩ ባልዳምቤ ስለ ሕዝቡ የተናገረውን በራሱ አካሄድ የሚያቀርብ ነው። የኦማሊ ኢንዳ ንግግርና የባልዳምቤ ንግግር ሁለቱም ከአንድ አገር የወጡ ናቸው፤ ልዩነቱ አንዱ በሌላ ሰው ሐሳብ ልክ መቈረጡ፣ ሌላው ተናጋሪው በጀመረበት ጀምሮ ተናጋሪው በፈለገበት መዞሩ ነው።

ላይዳል ከዚያ በኋላ ራሳቸው ወደ ፊልም መጡ። በ1990፣ በ1991 እና በ1994 ከጆአና ሄድ ጋር ለቢ ቢ ሲ ሦስት ፊልሞች ስለ ሐመር ሴቶች ሠሩ፤ በ1991ዱ ፊልም ለማግባት ስትሰናዳ የታየችው ዱካ፣ በ2001 ላይዳል ከልጃቸው ከካይራ ሽትሬከር ጋር ባወጡት «የዱካ ጭንቀት» በተባለው ፊልም ውስጥ የልጆች እናትና ባልዋ ሁለተኛ ሚስት ያገባባት ሴት ሆና እንደገና ትታያለች። እዚህ ላይ ጊዜ የተገኘው በመቈረጫ ጠረጴዛ ላይ ሳይሆን በመመለስ ነው። አቀናባሪ በሁለት ሰዓት ውስጥ ሊፈጥረው የማይችለውን የዕድሜ ለውጥ የዐሥር ዓመት ትዕግሥት ፈጠረው።

ወደ ኃይሌ ገሪማ ሥራ ስንመለስ፣ በ1993 የወጣው «ሳንኮፋ» አዘጋጁ ብቻቸውን ያቀናበሩት ትልቅ ሥራ ነው። ቃሉ በጋና በአካን ሕዝብ ቋንቋ ወደ ኋላ ተመልሶ የተረሳውን ማንሣት ማለት ነው። አንዲት የዘመናይ ልብስ ማሳያ የሆነች ጥቁር አሜሪካዊት ባሮች ይጫኑበት በነበረው በጋና ጠረፍ ምሽግ ውስጥ ሳለች ወደ ኋላ ዘመን ተመልሳ በእርሻ ቦታ ባሪያ ሆና ትገኛለች። በአሜሪካ ያሉ አከፋፋዮች ፊልሙን ስላልተቀበሉት አዘጋጁና ባልደረቦቻቸው ራሳቸው የሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከከተማ ከተማ አሳይተውታል። የቅንብሩ ውበት የከበሮው ጥሪና የሙታኑ ስም አጠራር ምስሉን የሚመራ መሆኑ ነው። ከዘመን ወደ ዘመን የሚሻገረው ቍራጭ በምክንያትና በውጤት አይያያዝም፤ ከበሮው ይጠራል፣ ምስሉ ይመልሳል። ይህ መሪው ሲያወርድ ሕዝቡ እንደሚቀበልበት ዝማሬ ያለ ሥርዓት ነው፤ ለአማርኛ አንባቢም እንግዳ አይደለም። ጕድለቱ ግን ከዚያው ይመነጫል። ምስሉ አስቀድሞ የተናገረውን የተራኪዋ ድምፅ ደግሞ ይናገረዋል፤ ድምፁ የተናገረውንም ሌላ ምስል ያጸናዋል። ተቀባዩ ሕዝብ ይቀበል ዘንድ መሪው ዝም የሚልበት ቦታ አይተውለትም።

በ1999 የወጣው «አድዋ» የተባለው ዘጋቢ ፊልም ሌላ ዐይነት ፈተና ያቀርባል። ስለ 1896ቱ ድል የሚናገረው በአረጋውያን አንደበት፣ በዜማና በሥዕል ነው። የአድዋ ሥዕል በልማድ ራሱን የቻለ ቅንብር አለው፤ ቅዱስ ጊዮርጊስ ከላይ፣ ንጉሡና ንግሥቲቱ በየቦታቸው፣ ሠራዊቱ በመካከል ሁሉም ባንድ ጊዜ ይታያሉ፤ የኛ ወገን በሁለት ዐይኑ፣ ጠላት ግን ብዙ ጊዜ በአንድ ዐይኑ ይሣላል። ሥዕሉን ከፋፍሎ በየክፍሉ ማሳየት ለሲኒማ ግዴታ ነው፤ ግን ሁሉ ባንድ ጊዜ የሚታይበትን የሠዓሊውን ጊዜ ወደ ቅደም ተከተል ይለውጠዋል። ፊልሙ በዚህ ችግር ላይ የሚሻለው ሥዕሉ በዜማ ሲታጀብ ነው፤ ዜማው የተቈራረጠውን እንደገና ባንድ ትንፋሽ ይይዘዋልና። የቃል ትረካ ብቻ በተጨመረበት ቦታ ግን ሥዕሉ ወደ ማስረጃ ወረቀትነት ዝቅ ይላል።

በ2008 «ጤዛ» ወጣ። ርዝመቱ 140 ደቂቃ ነው። አቀናባሪዎቹ ኃይሌ ገሪማና ሎረን ሃንኪን ናቸው። ፊልሙ በዚያው ዓመት በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የድርሰት ሽልማት፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ ሽልማት ተቀበለ። ባለታሪኩ አንበርብር በጀርመን አገር የሕክምና ሳይንስ ተምሮ፣ በደርግ ዘመን አዲስ አበባ ገብቶ የሆነውን አይቶ፣ እንደገና በጀርመን አገር በዘረኞች ተደብድቦ እግሩን አጥቶ፣ በ1990 ወደ ትውልድ መንደሩ ይመለሳል። የተመለሰው ትዝታው ተሰባብሮ ነው። ስለዚህ የፊልሙ ቅንብር የባለታሪኩ ሕመም ራሱ ነው፤ የልጅነት ሐይቅ፣ የእናት ድምፅ፣ የስብሰባ ጩኸት፣ ለጦርነት ከሚለቅሙዋቸው ወታደሮች የሚሸሹ ወጣቶች በየቦታቸው ሳይሆን በሚያሙበት ቦታ ይመጣሉ። በመንደሩ በሚደረገው ክፍል አቀናባሪዎቹ ትልቅ ብልሃት አሳይተዋል፦ ድምፁን ከምስሉ ያስቀድማሉ። የመጪው ትዝታ ጩኸት ገና ዛሬን እያየን ሳለ ይሰማል፤ ዛሬ ገና ሳያልቅ ትናንት ገብቶበታል። በ«ቡሽ ማማ» የተጀመረው የድምፅ ልማድ ከሠላሳ ዓመት በኋላ እዚህ ለመንደር ትዝታ አገልጋይ ሆነ። በጀርመን አገር በሚደረገው ክፍል ግን ሰዎቹ የፖለቲካ አቋማቸውን ተራ በተራ ይናገራሉ፤ ቅንብሩም ከአንዱ ተናጋሪ ወደ ሌላው ተናጋሪ መዝለል ብቻ ይሆናል። ያን ዘመን የኖረው ትውልድ በእርግጥ እንዲህ ይከራከር ነበር ሊባል ይቻላል፤ ቢሆንም መንደሩ በጊዜ ሲነገር ከተማው በቃል ብቻ ስለተነገረ፣ የሁለቱ ሚዛን አልተስተካከለም።

እነዚህ ሥራዎች ባንድነት ሲታዩ አንድ ፍርድ ያስከትላሉ። ፈረንሳዊው ዣን ሩሽ በ1970ዎቹ መጀመሪያ ስለ ካሜራና ስለ ሰው ባሰፈሩት ጽሑፍ፣ የባህል ፊልም ሠሪ ምስሉን ራሱ ማንሣት እንዳለበት፣ ነገር ግን ሲያቀናብር ከእርሱ ሌላ፣ በመስኩ ያልነበረ ሁለተኛ ተመልካች እንደሚያስፈልገው አስገንዝበዋል። ምክንያታቸው ግልጥ ነው፤ በቦታው የነበረ ሰው በምስሉ ውስጥ የሌለውንም ያያል፤ ነፋሱን፣ ሽታውን፣ ከመነሣቱ በፊት የተባለውን ያስታውሳል፤ ለእርሱ የተሟላው ለሌላው ጐደሎ መሆኑን ለማወቅ ይቸገራል። በዚህ ሚዛን ሲመዘን፣ የኃይሌ ገሪማ ቅንብር በይበልጥ የጸናው ሌላ እጅ በገባባቸው በ«ምርት ሦስት ሺ ዓመት»ና በ«ጤዛ» የመንደር ክፍል ነው፤ በ«ሳንኮፋ» ግን የደራሲው፣ የአዘጋጁና የአቀናባሪው እምነት አንድ ሆኖ ስለገባ፣ «ይህ ተነግሯል፤ አይደገም» የሚል ሰው ከጠረጴዛው አጠገብ የጠፋ ይመስላል።

ነገር ግን የሩሽ ምክር ተገልብጦም መነበብ ይገባዋል። በ«የአሸዋ ወንዞች» የጐደለው ከመስኩ የራቀ ዐይን አልነበረም፤ የጐደለው የቋንቋውንና የኑሮውን ጊዜ የሚያውቅ ሰው በቅንብሩ ላይ ያለው ሥልጣን ነበር። ስለዚህ የውጭ ሰው የባላገሩን ጊዜ የሚያውቅ ሁለተኛ ተመልካች ሲያስፈልገው፣ ባላገሩ ደግሞ ያንን ጊዜ የማያውቅ ሁለተኛ ተመልካች ያስፈልገዋል። የአንዱ ጕድለት በሌላው አይሞላም፤ ሁለቱ በአንድ ጠረጴዛ ሲቀመጡ ግን «ምርት ሦስት ሺ ዓመት»ን የመሰለ ሥራ ሊወጣ ይችላል። በዚያ ፊልም አማርኛውንና ኑሮውን የሚያውቀው አዘጋጁ «ገና ነው፤ ይቈይ» ሊል፣ ባዕዱ አቀናባሪም «ገብቶኛል፤ ይበቃል» ሊል በሚችልበት ሚዛን ላይ የቆመ ቅንብር ይታያል።

ከዚህ ለጥናት ሰው የሚከተለው ግዴታ ሦስት ነው። አንደኛ፣ ፊልምን እንደ ማስረጃ የሚጠቅስ ሁሉ የአዘጋጁን ስም ብቻ ሳይሆን የአቀናባሪውን ስም፣ የተነሣበትንና የተቀናበረበትንም ዓመት ለየብቻ መጥቀስ አለበት፤ በ1974ና በ1976 መካከል የሆነው ይህን ያስተምራል። ሁለተኛ፣ የባህል ፊልም በኢትዮጵያ በሚነሣበት ጊዜ ከቅንብሩ የተረፈው ቁራጭ እንደ ገለባ እንዳይጣል፣ ቢቻል ከፊልሙ ጋር በቤተ መዛግብት እንዲቀመጥ ማድረግ ይገባል፤ የኦማሊ ኢንዳ ያልገባው ንግግር ከገባው የማያንስ ማስረጃ ነውና። ሦስተኛ፣ ተማሪው ፊልም ሲያይ የቈይታውን ርዝመት በሰዓት መቍጠር፣ ድምፅ ከምስል የሚለይበትን ቦታ መመዝገብ፣ የተዘለለው ምን እንደሆነ መጠየቅ ይልመድ። ይህ ልማድ አዲስ አይደለም፤ ቅኔ ሲዘረፍ የሚያዳምጥ ሰው ከቃሉ ይልቅ ቃሉ የተቀመጠበትን ቦታ እንደሚያስተውል ነው።

ኃይሌ ገሪማ በሥራቸው ዘመን ሁሉ ያሳዩት ነገር፣ የአንድ ሕዝብ ባህል በፊልም ውስጥ የሚኖረው በልብሱና በጎጆው መታየት ብቻ ሳይሆን፣ ጊዜው ሳይሰረቅበት ሲቀር መሆኑን ነው። የአስኮዋን ሴት ሸክም ማሳየት ለማንም ካሜራ ቀላል ነው። ሸክሙ የሚከብድበትን ያህል ጊዜ መስጠት ግን የአቀናባሪው ፍርድ ነው፤ ይህም ፍርድ እንደ ማንኛውም ፍርድ ሊመረመርና ይግባኝ ሊባልበት ይገባል።